እርጥበት ስለሚወድ አበባና ስለ ቤት ንጽሕና፤ በአያት ለእናቶች የተደረገ ንግግር

እኔ እንደ ልጃችሁ ነኝ። ከጤና ኮሌጅ ዲፕሎማዬን ይዤ ስወጣ ስለ ወባ፣ ስለ ተቅማጥና ስለ ክትባት እንጂ ስለ አበባ የምናገር አልመሰለኝም ነበር። ነገር ግን በዚህ በአያት ቤት ለቤት ስዞር፣ በቧንቧው አጠገብም ሆነ በኮንዶሚኒየሙ በረንዳ ላይ አንድ አበባ ደጋግሜ አየሁ። ነጭ ነው፤ እንደ ጡሩምባ አፉን ይከፍታል፤ በመካከሉ ቢጫ ዘንግ ቆሞበታል። አበባ ሻጮች ካላ ሊሊ ይሉታል። ከለገጣፎ በኩል ከገበሬው መንደር የመጣችሁትም ሥሩን ተካፍላችሁ መውሰዳችሁን ነግራችሁኛል።

የአበባው አገር ደቡብ አፍሪካ ነው፤ በዚያ በጅረት ዳርና በረግረግ ይበቅላል። ስለዚህ ውኃ ይወዳል፤ ኩሬ ውስጥ ቢቆምም አይሞትም። ይሁን እንጂ ለመኖር ኩሬ አያስፈልገውም። አበባው የሚፈልገው እርጥብ አፈር ነው፤ የቆመ ውኃ የምትፈልገው ቢምቢ ናት።

ስትተክሉት የበሰበሰ ፍግ ከአፈሩ ጋራ ቀላቅሉ፤ ሥሩን አራት ጣት ያህል ቅበሩት። የጧት ፀሐይ አግኝቶ ቀትር ላይ ጥላ ቢያርፍበት ደስ ይለዋል። ክረምቱን ዝናቡ ያጠጣዋል። በበጋ ግን ጣታችሁን አፈሩ ውስጥ ሰደድ አድርጉ፤ ደርቆ ካገኛችሁት አጠጡት። ውኃ በፈረቃ በሚመጣበት ቤት ለመጠጥ የተቀዳውን ስጡት አልልም። ጎመን ያጠባችሁበት ውኃ ወይም የልብስ የመጨረሻው እጣቢ ይበቃዋል። በረኪና ያለበትን፣ ቅባት ያለውን፣ ከሁሉ ይልቅ የሕፃን ጨርቅ የታጠበበትን ግን አታፍስሱበት። «የሕፃን ዓይነ ምድር ምንም አያደርግ» የሚሉ አሉ፤ ስሕተት ነው፤ ተቅማጥ ያስተላልፋል።

የዘይት ጀሪካን ቆርጣችሁ የምትተክሉ ደግሞ ቂጡን በጋለ ሚስማር ብሱት። ከሥሩ የምታኖሩት ሳሕን ውኃ ስለሚያቁር በሳምንት አንድ ጊዜ ድፉት፤ ጠርዙንም ፈትጉት። አንዳንዷ ቢምቢ እንቁላሏን ከዕቃው ግድግዳ ላይ ታጣብቃለች፤ እንቁላሉም ደርቆ ወራት ይቆይና ውኃ ሲነካው ይፈለፈላል። በቆላ ከእንቁላል ተነሥታ እስክትበር አንድ ሳምንት ወይም ጥቂት ቀን ቢበልጥ ነው። ይህ ሁሉ ድካም ከበዛባችሁ ሳሕኑን በአሸዋ ሙሉት።

«አያት ደጋ ነው፤ ምን ወባ አለና» ትሉኝ ይሆናል። እውነት ነው፣ እዚህ ብርዱ ይጠብቀናል። ልማድ ግን ከሰው ጋራ ይሄዳል፤ ልጃችሁ ወደ ድሬዳዋ ስትዳር ሥሩንም ጀሪካኑንም ይዛ ትሄዳለች። እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር በ2013 በድሬዳዋ የደንጊ ትኩሳት ተነሥቶ ነበር። ይህን በሽታ የምታስተላልፈው ቢምቢ የምትራባው በሰው ቤት በርሜልና ሳሕን ነው። በ2016 ደግሞ ከእስያ የመጣች ሌላ የወባ ትንኝ በቀብሪ ደሃር ተገኘች። እርሷም እንደ ቀድሞዎቹ ረግረግ ሳትጠብቅ በከተማ በውኃ ማጠራቀሚያ ትራባለች። በ2022 በድሬዳዋ ወባ ሲበዛ እርሷ እንዳለችበት ተመራማሪዎች አረጋግጠዋል። እንግዲህ የአበባውን ሳሕን ስትደፉ የበርሜሉንም ክዳን ግጠሙ።

አሁን ወደ ሕፃናቱ ልምጣ፤ ይህን ሳልናገር ብሄድ እንቅልፍ አይወስደኝም። ባለፈው ዓመት አንዲት እናት የዐሥራ አራት ወር ልጇን ይዛ እየሮጠች መጣች። ልጁ የዚህን አበባ ቅጠል ነክሶ ኖሮ ከንፈሩ አብጦ፣ ለሀጩ እየተዝረበረበ ይጮኻል። ጎረቤት «አስታውኪው» ብላት ጣቷን ጉሮሮው ውስጥ ሰዳ ነበር፤ ይህም ሕመሙን አባሰበት። ቅጠሉም፣ አበባውም፣ ሥሩም እንደ መርፌ የሾሉ፣ በዓይን የማይታዩ ቅንጣቶች አሉት፤ አፍን የሚወጉት እነርሱ ናቸው።

እንዲህ ያለ ነገር ቢደርስባችሁ አታስታውኩት። አፉ ውስጥ የቀረውን በንጹሕ እርጥብ ጨርቅ ጥረጉለት፤ መዋጥ ከቻለ ቀዝቃዛ ውኃ ወይም ቀዝቃዛ ወተት በጥቂት በጥቂቱ ስጡት። ምላሱ ካበጠ፣ መዋጥ ካቃተው ወይም ትንፋሹ ከከበደ ግን አንድ ደቂቃ ሳትቆዩ ወደ ጤና ጣቢያ ውሰዱት። ፈሳሹ ዓይኑን ከነካው በብዙ ንጹሕ ውኃ እጠቡለትና አሳዩት። እናንተም ቅጠሉን ከቆረጣችሁ በኋላ ሊጥ ከመንካታችሁ በፊት እጃችሁን በሳሙና ታጠቡ።

ያ ልጅ በማግሥቱ ጡቱን ጠባ። እናቱም አበባውን ነቅላ አልጣለችውም፤ ከቧንቧው ሥር አንሥታ ወደ ጓሮ ወሰደችው፤ በዙሪያውም ልጁ የማያልፈው የሽቦ አጥር አሠራችለት። ባለፈው ሳምንት ሳልፍ ሦስት አበባ አውጥቶ አየሁት።