ሂሳቡ ሳይዘጋ እንድረስ



ስለ አገርና ስለ ከተማችን ነገ ሲወራ ብዙዎቻችን «እኛን ማን ሰምቶን?» እንላለን። ምክንያት አለን። ለስብሰባ እንጠራለን፤ ስንደርስ ግን ዕቅዱ አልቆ፣ ገንዘቡ ተደልድሎ ይጠብቀናል። የሚቀርልን ማጨብጨብ ነው። የውሃ ቦኖው የት እንደሚተከል አንጠየቅም፤ ጀሪካኑን የምንሸከመው ግን እኛው ነን።

የሂሳብ ሠራተኛ ነኝና አንድ ነገር ልንገራችሁ። ነገ ቀድሞ የሚጻፈው በጀት ላይ ነው። የመንግሥት በጀት ዓመት ሐምሌ 1 ቀን ይጀምራል። ሐምሌ ላይ የሚቀርብ ጥያቄ «ለከርሞ» ይባላል። ስለዚህ ጥያቄያችን በበጋው፣ ዕቅድ ሲዘጋጅ፣ በጽሑፍ ይግባ። ምን እንደምንፈልግ፣ የት እንደሚሠራ፣ ስንት ቤተሰብ እንደሚጠቅም ቆጥረን እንጻፍ። ደብዳቤው መዝገብ ቤት ገብቶ ቁጥሩ በእጃችን ይኑር።

ይህን ስናደርግ የማንንም ችሮታ አንለምንም። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 35 ንዑስ አንቀጽ 6 ሴቶች በልማት ፖሊሲና በፕሮጀክቶች ዝግጅት፣ በተለይም ጥቅማቸውን በሚነኩት ላይ፣ ሐሳባቸውን በተሟላ ሁኔታ እንዲሰጡ የመጠየቅ መብት ሰጥቷቸዋል።

እኛ ቁጠባችንን ቆጥረን፣ ብድር ለማን እንደሚቀድም ተመካክረን የምንወስን ሴቶች ነን። ወረዳው ፊት የሚያስፈልገውም ይኸው ችሎታ ነው።

ሐሳቤ እንዲህ ነው፦ በጥር ስብሰባችን ዋና ዋናዎቹን ሦስት ጥያቄዎች እንምረጥ፤ ይዘው የሚሄዱትንና መልሱን ተከታትለው የሚነግሩንን እህቶችም ያን ዕለት እንሰይም።