ዝናቡ ለሁሉም ይዘንባል፤ ጋኑ ግን የማን ነው?

(ለደጋፊ ምእመናንና ለፕሮጀክት ሠራተኞች የተሰጠ ንግግር)



የዘንድሮው የውሃ መዋጮ ከመሰብሰቡ በፊት ጥቂት እንድንናገር ተጠይቀናል። የምንናገረውም ከዚህ ሩቅ ስለሆነች፣ ከወንዝ ማዶ ስላለች አንዲት ከተማ ነው። ስሟ ዳላ ይባላል። በምያንማር፣ ቀድሞ በርማ ይባል በነበረው አገር፣ ከትልቁ ከተማ ከያንጎን ፊት ለፊት፣ በወንዙ ደቡብ ዳርቻ ትገኛለች። በመጽሐፍ ቅዱስ ትምህርት ቤት ያለፍን ሰዎች ያንጎንን ይበልጥ የምናውቃት ራንጉን በሚለው የቀድሞ ስሟ ነው። አዶኒራም ጀድሰንና ባለቤቱ አን በ1813 እ.ኤ.አ. የደረሱባት ከተማ ናት። ጀድሰን መጽሐፍ ቅዱስን ወደ በርማ ቋንቋ ተርጉሞ የፈጸመው በ1834 ነው። (የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

እኛ ሁለት ሆነን ወደዚያ የሄድነው በመጋቢት 2019 ለቤተ ክርስቲያን የልማት ሠራተኞች በተዘጋጀ ሥልጠና ላይ ለመካፈል ነበር። ከያንጎን መሐል ከተማ፣ ከፓንሶዳን የጀልባ ማቆሚያ ተነሥቶ ወደ ዳላ ለመሻገር አሥር ደቂቃ ያህል ይበቃል። ጀልባዎቹን የሰጠው የጃፓን መንግሥት ነው፤ ስለዚህም የጃፓን ሰው በነጻ ይሻገር ነበር። እኛ እንደ ማንኛውም የውጭ አገር ሰው ከነዋሪው አብልጠን ከፈልን፤ ቅር አላለንም። በዚህ ዳር ፎቅና የመኪና መዓት ትተን ወጣን፤ በዚያ ዳር ስንወርድ ባለ ሦስት ጎማ ብስክሌት፣ የሩዝ ማሳ፣ የቀርከሃ ቤትና አቧራ ተቀበለን። ጠዋት ጠዋት ከዳላ ተሻግረው በያንጎን የቀን ሥራ የሚሠሩ፣ አትክልትና ዓሣ የሚሸጡ ሰዎች ጀልባውን ይሞሉታል። በ2018 መጨረሻ በኮሪያ መንግሥት ብድር ለሚሠራ ድልድይ የመሠረት ድንጋይ ተጥሎ ነበር። ገና በወሬው ብቻ የመሬት ዋጋ ንሮ ነበርና፣ የቦታ ወረቀት የሌላቸው ድሆች ድልድዩን በደስታም በፍርሃትም ይጠብቁት ነበር።

በዳላ ዙሪያ ውሃ ሞልቷል። ዳሩ ግን የሚጠጣ አይደለም። ወንዙ ከባሕር ጋር ከፍና ዝቅ ስለሚል በበጋ ጨው ይገባበታል፤ ጉድጓድ ቢቆፈርም በብዙ ቦታ የሚወጣው ጨዋማ ነው። ስለዚህ ሕዝቡ የዝናብ ውሃ በሚያጠራቅሙ ኩሬዎች ላይ ይተማመናል። ዝናቡ ከግንቦት እስከ ጥቅምት ይዘንባል፤ ከመጋቢት ጀምሮ ግን ኩሬዎቹ እየጎደሉ ይሄዳሉ። ያን ጊዜ ኩሬው ታጥሮ በቀን ለተወሰነ ሰዓት ብቻ ይከፈታል፤ ሰውም በባልዲ ልክ ይቀዳል። ሴቶችና ልጆች በትከሻቸው ላይ እንጨት አጋድመው በግራና በቀኝ አንዳንድ ባልዲ እያንጠለጠሉ ሲሰለፉ አየን። ውሃው እንዳይፈስ አረማመዳቸው የተለየ ነው፤ እኛ ሞክረነው ሱሪያችንን አራስን፤ ልጆቹም ሳቁብን።

አሁን ወደ ስሕተታችን እንምጣ። ሠልጣኞች ሁላችን ይህን ባየን ጊዜ ልባችን ተነካ። በሦስተኛው ቀን ገንዘብ አዋጥተን የመጠጥ ውሃ በመኪና አስመጣን። ጸለይን፤ መዝሙር ዘመርን፤ ሰልፉንም ፎቶግራፍ አነሣን። ውሃው ከአንድ ሰዓት ባነሰ ጊዜ አለቀ። ያስተናገዱን የአካባቢው ወንጌላዊ፣ ዝምተኛ ሰው ናቸው፣ «ኑ፣ በእግር እንሂድ» አሉንና መኪናው ሊገባ ወደማይችልበት ወደ ሰፈሩ መጨረሻ ወሰዱን። እዚያ ያሉት ቤቶች የቀርከሃ ግድግዳና የዘንባባ ቅጠል ክዳን ያላቸው ናቸው። በግንቦት 2008 ናርጊስ የተባለው አውሎ ነፋስ በኢራዋዲ ደልታ ከ130 ሺህ በላይ ሰው በገደለና ደብዛውን ባጠፋ ጊዜ፣ ኑሯቸው ፈርሶ ወደ ዳላ የተሰደዱ ቤተሰቦችም በዚያ ሰፈሩ። ከእኛ ውሃ አንዲት ጣሳ እንኳ አልደረሳቸውም። መኪና መምጣቱንም አልሰሙም።

በአንድ ቤት ደጃፍ መደርደሪያ ላይ ክዳን ያላት ማሰሮና አንድ ኩባያ ተቀምጠው ነበር። በበርማ ሕዝብ ዘንድ ለመንገደኛ ውሃ በደጅ ማኖር የቆየ ልማድ ነው። የቤቱ ባለቤት አሮጊት እናት ነበሩ፤ ወንጌላዊው «ዶ» ብለው ጠሯቸው፤ እንደኛ «አክስቴ» እንደ ማለት ነው። እኚህ እናት የቡድሃ እምነት ተከታይ ናቸው። ቀድተው አጠጡን። የዚያን ዕለት ድርሻቸው ሁለት ባልዲ ብቻ እንደ ነበረ የነገሩን ወንጌላዊው ናቸው፤ ያውም ከወጣን በኋላ። ውሃ ልንሰጥ ሄደን ጠጥተን ተመለስን። በጀልባው ላይ ማንም ብዙ አልተናገረም።

ማታ ወንጌላዊውን፣ «ታዲያ ምን ይደረግ?» አልናቸው። «በዓመት የሚዘንበውን ታውቃላችሁ?» ሲሉ መለሱ። በያንጎን አካባቢ ከ2,500 ሚሊ ሜትር በላይ ይዘንባል፤ አዲስ አበባ ከምታገኘው እጥፍ ይበልጣል። ጌታችን በተራራው ስብከት እንዳስተማረው ዝናቡ በሁሉም ላይ ይወርዳል፤ ሰው አይለይም። የቆርቆሮ ክዳን፣ አሸንዳና ትልልቅ ጋን ያለው ቤተሰብ ግን ያጠራቅመዋል፤ የቅጠል ክዳን ያለው ምስኪን በክረምት ጣራው ሲያፈስበት ያድርና በበጋ ይጠማል። ጋኖቹም ከሩቅ አይመጡም፤ ከዳላ አጠገብ ያለችው ትዋንቴ በሸክላ ሥራዋ የታወቀች ናት። ኩሬውም ቢሆን ዝናቡ ሳይጀምር ደለሉ ካልተጠረገ የሚይዘው ውሃ በየዓመቱ ያንሳል። ደለል መጥረግ ደግሞ ለፎቶግራፍ አያምርም።

ወገኖች ሆይ፤ ይህን የምንነግራችሁ በመኪና የሚሰጥ ውሃ ከንቱ ነው ለማለት አይደለም። ኩሬ ሲደርቅ ነፍስ ያድናል። ነገር ግን ከጉባኤዎቻችሁ የሚደርሱን ደብዳቤዎች በአብዛኛው የሚጠይቁት ሁለት ነገር ነው፤ ስንት ሰው ውሃ አገኘ? ፎቶግራፉስ የታለ? እኛ ሠራተኞችም ለእነዚህ ጥያቄዎች የሚመች ሥራ መምረጥ ለምደናል። መኪና የሚደርስበትን ሰፈር እንመርጣለን። ይህ የእናንተ ብቻ ጥፋት አይደለም፤ ሪፖርቱን የምንጽፈው እኛ ነን። ስለዚህ በዘንድሮው መዋጮ ከፊሉ ለደለል ጠረጋ፣ ለአሸንዳና ለማጠራቀሚያ እንዲውል እንለምናለን፤ ከእነዚህ ቦታዎችም ፎቶግራፍ ላይመጣላችሁ ይችላል። ማን አስቀድሞ እንደሚያገኝ የሚወስኑትም እኛ ሳንሆን ጎረቤቶች ይሆናሉ።

ከሥልጠናው ስንመለስ የተረፈችውን ጥቂት ገንዘብ ለወንጌላዊው ትተን ነበር። የሰፈሩ ሰዎች ተመካክረው በሰፈሩ መጨረሻ ላሉ ቤቶች አራት ጋንና ጥቂት ቆርቆሮ ገዙ፤ ከአራቱም አንዱ ለአሮጊቷ እናት ደረሳቸው። በሰኔ ወር ደብዳቤ ደረሰን። ሦስቱ ጋኖች ሞልተዋል፤ አራተኛው በጋሪ ሲጓጓዝ ተሰንጥቆ ስለሚያፈስ በሲሚንቶ ሊመርጉት ነው። የማን ጋን እንደ ሆነ አልተጻፈልንም።