የምርቃና ተስፋ



አባት በጫት የተያዘበትን ቤት ልጆቹ በሰዓት ያውቁታል። ጠዋት ሐራራ ነው፤ ማንም ቀና ብሎ አያናግረውም። ከሰዓት በኋላ ምርቃናው ሲመጣ ሌላ ሰው ይሆናል፤ ለትንሹ ብስክሌት፣ ለትልቋ ላፕቶፕ ይገዛል፣ ሁሉንም ከኪራይ ቤት አውጥቶ ኮንዶሚኒየም ያስገባል። ትንሹ ያምናል። ትልቋ ማመን ከተወች ቆይታለች። ማታ አባት ምርቃናውን በመጠጥ ሊሰብር ለጨብሲ ይወጣል፤ ሲመለስ ቁልፉ በሩ ላይ ሲንቀጫቀጭ ልጆቹ ብርድ ልብሳቸው ውስጥ ገብተው የተኙ ይመስላሉ።

ስለ ሱስ ሲነሳ ብዙ ጊዜ የምንቆጥረው የባከነውን ገንዘብ ነው። አስቤዛው ይጎድላል፣ እቁቡ ይቋረጣል፣ እውነት ነው። እኔን የሚያሳስበኝ ግን ቃል ሲታጠፍ እያየ ያደገ ልጅ ነው፤ ነገ የማንን ቃል ያምናል? ትልቋም የታናናሾቿን ምሳ ዕቃ ትቋጥራለች፣ የወላጅ ስብሰባ ሲጠራ «አባዬ መስክ ወጥቷል» ትላለች። ጎረቤት «እንዴት ያለች ጎበዝ ልጅ!» ይላል። እንዲህ ያለው ጉብዝና ቢቀርባት በተሻላት።

አዋጅ ቁጥር 1112/2011 የአልኮል ማስታወቂያን ከሬዲዮና ከቴሌቪዥን አስወጥቷል። መልካም ነው፤ የቤቱን ጓዳ ግን አዋጅ አይደርስበትም።

እናንተ አክስቶች፣ አጎቶች፣ መምህራን፣ አባትየው እስኪታከም አትጠብቁ። ዛሬውኑ ያንን ልጅ ለብቻው ጠርታችሁ «ጥፋቱ ያንተ አይደለም» በሉት።