የአደራ ልጅ

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ፤ አሜን።



ከየካ ሚካኤል ደጅ ቆመን ዓይናችንን ወደ ተራራው ብናነሣ፥ ባሕር ዛፍ የለበሰውን የእንጦጦን ሰንሰለት እናያለን። በዚያ ተራራ ላይ ለብዙ ዘመን ሁለት ዓይነት ሸክም ሲመላለስ ኖሯል። አንዱ፥ እናቶች ጎንበስ ብለው በጀርባቸው ወደ ከተማ ሲያወርዱት የኖሩት የማገዶ እንጨት ነው። ሁለተኛው፥ ድውያን ወደ እንጦጦ ማርያምና ወደ ኪዳነ ምሕረት ጠበል ይዘውት የሚወጡት የደዌ ሸክም ነው። ከእነዚህ አንዱ የከበደባት እናት ልጇን ጨምራ ማዘል የማትችልበት ቀን ይመጣል። ያን ጊዜ ልጁ ከጎረቤት፥ ከዘመድ ወይም ከማሳደጊያ ቤት ይቀራል። ዛሬ የምንነጋገረው ስለዚህ ልጅና ወደ ወገኑ ስለሚመለስበት መንገድ ነው።

በ1990ዎቹ ዓ.ም. ኤድስ በአገራችን ብዙ ትዳር ሲያፈርስ፥ ብዙ ሕሙማን ተስፋቸውን በጠበሉ ላይ አድርገው ወደ እንጦጦ ወጡ። ከእነርሱ መካከል ልጆቻቸውን ለሰው ሰጥተው የወጡ ነበሩ፤ ሲሰጡም ለመሞት እየተሰናዱ ነበር እንጂ ተመልሰው ሊወስዷቸው አላሰቡም። በ1997 ዓ.ም. መድኃኒቱ በነጻ መታደል ጀመረ። በ1999 ዓ.ም. ደግሞ ብፁዕ ወቅዱስ አቡነ ጳውሎስ፥ ጠበሉና መድኃኒቱ የማይጣሉ የእግዚአብሔር ስጦታዎች መሆናቸውን አስተማሩ። እነሆ፥ መቃብሯን ስትጠብቅ የነበረች እናት ድና ቆመች። ድና ስትቆም የምትጠይቀው አንድ ጥያቄ ነው፤ ልጄ የት አለ?

ለዚህ ጥያቄ የምንመልሰው ምንድን ነው? አንዳንዶቻችን፥ «ልጁ ከእርሷ ዘንድ ከሚያገኘው የተሻለ ምግብና ልብስ አግኝቷል፤ ምን አስመለሰው?» እንላለን። ይህ አነጋገር ርኅራኄ ይመስላል፤ ነገር ግን ጎዶሎ ነው። በአገራችን ሰው ስሙን ሲጠየቅ የአባቱን ስም አስከትሎ ይናገራል። የአባቱንና የአያቱን ስም የማያውቅ፥ የእናቱን መልክ የረሳ ልጅ፥ ሆዱ ቢጠግብም ልቡ አይጠግብም።

የሙሴን ነገር እናስተውል። እናቱ ልትሰውረው ባልቻለች ጊዜ በሣጥን አድርጋ በወንዝ ዳር አኖረችው፤ የፈርዖንም ልጅ አገኘችው። ቤተ መንግሥቱ ሰፊ፥ ማዕዱ የሞላ ነበር። ይሁን እንጂ በሩቅ ቆማ ትጠብቅ የነበረችው እኅቱ ሮጣ የምታጠባው ሴት አመጣች፤ ያመጣቻትም የገዛ እናቱን ነበር። የፈርዖን ልጅ ለሞግዚቷ ደመወዝ ቆረጠችላት፤ ሕፃኑም በወለደችው ጡት አደገ። ኋላ በቤተ መንግሥት ሲኖር ወደ ወንድሞቹ ወጥቶ መከራቸውን ለማየት የበቃው፥ ወገኖቹ እነማን እንደ ሆኑ ስላወቀ ነው።

ከዚህ ሁለት ነገር እንማራለን። መጀመሪያ፥ እንደ እኅቱ በሁለቱ መካከል የሚሮጥ ሰው ያስፈልጋል፤ ዘመዱን የሚፈልግ፥ ቀበሌውንና አጥቢያውን የሚጠይቅ። ሁለተኛ፥ ደመወዙ ለእናቲቱ መሰጠቱን እንመልከት። ልጅን ከእናቱ የለየው ድህነት ብቻ ከሆነ፥ ለማሳደጊያ ቤት ከምናወጣው ገንዘብ ከፍለን ለእናቲቱ የቤት ኪራይና የመነሻ ገንዘብ ብንሰጥ፥ ሁለቱንም አዳንን ማለት ነው።

የአገራችን ሕግም ይህን ያውቃል። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት በ36ኛው አንቀጽ፥ ሕፃን ወላጆቹን ወይም በሕግ የሚያሳድጉትን የማወቅና የእነርሱን እንክብካቤ የማግኘት መብት እንዳለው ደንግጓል። በ2010 ዓ.ም. ደግሞ ሕፃናትን ለውጭ አገር ሰዎች በጉዲፈቻ መስጠት በሕግ ቀርቷል። ያ ደጅ ከተዘጋ፥ የእኛ ደጅ ሊከፈት ይገባል፤ ከሁሉም አስቀድሞ የወላጆቹ ደጅ።

ነገር ግን መመለስ ማለት ልጁን ከደጃፍ አድርሶ መሄድ አይደለም። ዱላና ስካር ያለበት ቤት አለ፤ ወደዚያ ልጅን መስደድ ኃጢአት ነው። ስለዚህ አስቀድሞ ቤቱ ይጎብኝ፤ ልጁም ፈቃዱ ይጠየቅ። እናትና ልጅ ከተለያዩ ዓመታት አልፈው እንደ ሆነ፥ ጥቂት በጥቂት እየተገናኙ ይላመዱ፤ ከተመለሰም በኋላ የሚጠይቀው አይጣ።

አሁን ደግሞ ቃላችን ለአንቺ ነው፥ የሰው ልጅ ተቀብለሽ ያሳደግሽ እናት። ሌሊት ሲያተኩሰው ግንባሩን የዳሰስሽ አንቺ ነሽ። «እናቱ መጣች» ሲሉሽ አንጀትሽ መላወሱን እናውቃለን፤ በዚህም አንወቅስሽም። ነገር ግን ጻድቁ ዮሴፍ ከአብራኩ ያልተገኘውን ልጅ ሲጠብቅ ኖረ፤ አደራ እንጂ ገንዘቡ እንዳልሆነ ግን አልዘነጋም። አደራ የሚከብረው በሚመለስበት ቀን ነው። ስትመልሺው ልጅ አታጪም፤ ቤተ ዘመድ ታተርፊያለሽ። የክርስትና እናት ከወላጅ ጋር በፍቅር እንደምትኖር፥ አንቺም በዓመት በዓል ደጁን የምትረግጪ፥ እርሱም ጉልበትሽን የሚስምሽ ሁኚ።

እናንተም የየካና የእንጦጦ ሥር ምእመናን፥ በያላችሁበት አጥቢያ ማኅበርና ዕድር አላችሁ። ዕድር ለሞተ ድንኳን ይተክላል፤ ለተመለሰ ልጅ ደግሞ አንድ ፍራሽ፥ አንድ ብርድ ልብስ፥ አንድ የትምህርት ቤት ደብተር ማዋጣት ያቅተዋልን?

የጠፋውን የሚፈልግ፥ የተበተነውን የሚሰበስብ እግዚአብሔር፥ የተለያዩትን ወላጆችና ልጆች በሰላም ያገናኝልን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር፤ አሜን።