ዝናብ ላይ የቆመው አሸናፊ
(በማኅበሩ ዓመታዊ ስብሰባ ላይ በደሴ የተደረገ ንግግር)



ስለ አንድ የጎልፍ ተጫዋች እንድናገር ስጋበዝ፣ «ጎልፍንና ወሎን ምን አገናኛቸው?» የሚል እንደማይጠፋ ገምቼ ነበር። ጎልፍ ትንሽ ኳስ በዱላ እየመቱ፣ በተቻለ መጠን በጥቂት ምት ጉድጓድ ውስጥ ማስገባት ነው። በገና ሰሞን በቆልማማ ዱላ ሩር ሲመታ ያደገ ሰው ይህ እንግዳ አይሆንበትም። የገና ጨዋታ ደግሞ አንድ የቆየ ደንብ አለው፤ በሜዳው ላይ ሎሌ ጌታውን ቢረታ ቁጣ የለም። የምነግራችሁ ይህ ደንብ በታጣበት አገር የተፈጸመውን ነው። ዓመተ ምሕረቶቹን የምጠቅሰው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ሴውሰንከር ሴውጎለም፣ በቅጽል ስሙ ፓፕዋ፣ በደቡብ አፍሪካ የናታል ሰው፣ ዘሩም ከህንድ ነበር። ከድሃ ቤተሰብ ስለ ተወለደ የትምህርት ዕድል አላገኘም። ጎልፍን ያወቀው በደርባን የነጮችን ዱላ እየተሸከመ ነው። አሠልጣኝ ስላልነበረው ዱላውን የያዘው ለእጁ እንደ ተመቸው ነው። ቀኝ እጁ የሚቀናው ተጫዋች እንደ ልማዱ ግራውን ከላይ፣ ቀኙን ከታች ያደርጋል፤ ፓፕዋ ግን ቀኙን ከላይ፣ ግራውን ከታች አደረገ። መጽሐፍ ያየ አሠልጣኝ ቢያገኘው ኖሮ፣ ገና በመጀመሪያው ቀን «ስሕተት ነው» ብሎ ባረመው ነበር።

ግሬሃም ዉልፍ የተባለ ነጋዴ ችሎታውን ተመልክቶ በ1959 ወደ አውሮፓ እንዲሄድ ረዳው። በዚያው ዓመት የሆላንድን ክፍት ውድድር አሸነፈ፤ በ1960 ደገመ፤ በ1964 ሠለሰ።

በአገሩ ግን የጠበቀው ሌላ ነበር። ከብዙ ክርክር በኋላ ነጮች በሚጫወቱበት የናታል ክፍት ውድድር እንዲገባ ተፈቀደለትና በ1963 አሸነፈ። በሕጉ መሠረት ከነጮች ጋር ወደ ክበቡ አዳራሽ መግባት ስለማይችል፣ ዋንጫውን የተቀበለው ደጅ፣ ዝናብ ላይ ቆሞ ነው። የዚያ ቀን ፎቶግራፍ በዓለም ዙሪያ ተሠራጨ። በ1965 በዚያው ውድድር ዝነኛውን ጌሪ ፕሌየርን ረታ። ከዚያ በኋላ መንግሥቱ ከታላላቅ ውድድሮች አገደው፤ ፓስፖርቱንም ነፈገው። በ1978 በድህነት ሞተ። ዛሬ በደርባን በስሙ የሚጠራ የጎልፍ ሜዳ አለ።

በዚህ ጉዳይ አገራችን ዝም ብላ አልተመለከተችም። በ1957 የመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ በካርቱም ሲዘጋጅ፣ ደቡብ አፍሪካ ነጭና ጥቁር የተቀላቀለበት ቡድን አልልክም በማለቷ ተሰረዘች፤ ልትገጥማት የነበረችው ኢትዮጵያም ሳትጫወት ለፍጻሜ አለፈች። ከአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን መሥራቾች አንዱ የነበሩት አቶ ይድነቃቸው ተሰማ፣ ከ1972 እስከ 1987 ድረስ በፕሬዚዳንትነት ሲመሩ፣ ዘረኛው አገዛዝ ወደ ሜዳ እንዳይመለስ በጽናት ታግለዋል።

እንግዲህ የፓፕዋ ሕይወት ለእኛ ሁለት ጥያቄ ያቀርባል። አንደኛው ስለ እጅ ነው፤ አመታቱ ከለመድነው የተለየ ልጅ ሲመጣ፣ ከማረማችን በፊት ኳሱ የት እንደሚያርፍ እንመለከታለን? ሁለተኛው ስለ በር ነው፤ ከጦሳ ሥር እስከ ቦርከና ሜዳ ድረስ፣ ከመስመር ውጭ ቆሞ ለሌሎች ኳስ የሚያቀብለውን ልጅ፣ ጫማ የለህም፣ የእገሌ ልጅ አይደለህም ሳንል «ግባ» የምንለው ስንቶቻችን ነን?

ያ ዝናብ የፓፕዋን ልብስ አረጠበ እንጂ ድሉን አላጠበውም። እፍረቱ የቀረው አዳራሹ ውስጥ ከነበሩት ጋር ነው። የአዳራሻችን በር ቁልፍ በእኛ እጅ ነውና እንግዲህ አደራው የእኛ ነው።