ከግብ መስመሩ እስከ በቆጂ

ግብ ጠባቂ ጨዋታውን ከኋላ ሆኖ ያያል፤ ጓደኞቹ ሲዘናጉ ጮኾ የሚያስጠነቅቃቸው እሱ ነው። ጣሊያናዊው ግብ ጠባቂ ዲኖ ዞፍ እ.ኤ.አ. በ1982 በ40 ዓመቱ በአምበልነት የዓለም ዋንጫን አነሣ፤ በ2000 ደግሞ አሠልጣኝ ሆኖ አገሩን ለአውሮፓ ዋንጫ ፍጻሜ አበቃ።

ያንን ከኋላ ሆኖ የሚያይ ዓይን እኛ አገር ስፈልግ ሐሳቤ የሚያርፈው ሩጫ ላይ ነው። ከአሰላ በስተደቡብ፣ ወደ 2,800 ሜትር ከፍታ ላይ በምትገኘው በቆጂ፣ ስንታየሁ እሸቱ የአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የስፖርት መምህር ነበሩ። ልጆቹ ሲሮጡ ያዩ ነበር። ማየት ቀላል እንዳይመስላችሁ! በ1992 ባርሴሎና ላይ በ10 ሺህ ሜትር ወርቅ ያመጣችው ደራርቱ ቱሉ፣ በ1996 የአትላንታን ማራቶን ያሸነፈችው ፋጡማ ሮባ፣ ቀነኒሳ በቀለና ጥሩነሽ ዲባባ ሁሉ በእኚህ መምህር እጅ አልፈዋል።

እስቲ ማለዳውን አስቡት። ብርዱ አጥንት ይሰብራል። ልጆቹ በሰልፍ፣ አንዱ የሌላውን ዱካ እየረገጠ፣ በባሕር ዛፎቹ መሃል እየተጠማዘዙ ይሮጣሉ፤ ትንፋሻቸው እንደ ጢስ ይወጣል። አሠልጣኙ ስንታየሁ ዳር ቆመው አሯሯጣቸውን ያያሉ።