ልጅ የሚሮጥበት መሬት
(በማኅበራችን ዓመታዊ ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)




ስለ ቤተሰብ ጤንነትና ከቤት ውጭ ስለሚደረግ ጨዋታ እንድናገር በተጠየቅሁ ጊዜ፣ ይህ ርእስ ለሐኪም እንጂ ለመሐንዲስ የሚሰጥ አይደለም የሚል ሐሳብ በአንዳንዶቻችሁ ዘንድ ሊነሣ እንደሚችል ገምቻለሁ። ይሁን እንጂ ነገሩን ጠጋ ብለን ስንመረምረው፣ ልጅ ሮጦ የሚያድግበትን ሜዳ የሚሰጠውም የሚነፍገውም ሐኪሙ ሳይሆን፣ የግቢውን ፕላን የሚነድፈው፣ መንገዱን የሚቀይሰውና አጥሩን የሚያቆመው ባለሙያ ሆኖ እናገኘዋለን። ስለዚህ የዛሬው ንግግሬ በሁለት ወገን ይመለከተናል፤ ይኸውም በአንድ በኩል የልጆች ወላጆች፣ በሌላ በኩል የመሬትን አጠቃቀም የምንወስን ባለሙያዎች ስለሆንን ነው።

ጨዋታ ለሰውነት የሚሰጠው ጥቅም

የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2020 ባወጣው መመሪያ መሠረት፣ ዕድሜያቸው ከ5 እስከ 17 ዓመት የሆኑ ልጆች በየቀኑ በአማካይ ቢያንስ 60 ደቂቃ ልብን በፍጥነት የሚያስመታ እንቅስቃሴ ማድረግ ይገባቸዋል። ለአዋቂዎች የተመደበው በሳምንት ከ150 እስከ 300 ደቂቃ ነው። ይኸው ድርጅት ከዚያ ቀደም ብሎ በ2019 ባወጣው ሌላ መመሪያ፣ የ3 እና የ4 ዓመት ሕፃናት በቀን ቢያንስ 180 ደቂቃ እንዲንቀሳቀሱ፣ በቴሌቪዥንና በስልክ ፊት የሚቀመጡበት ጊዜም ከአንድ ሰዓት እንዳይበልጥ መክሯል። ነገር ግን በ146 አገሮች የተሰበሰበው መረጃ እንደሚያሳየው፣ ከ11 እስከ 17 ዓመት ከሚሆናቸው ተማሪዎች መካከል 81 ከመቶው የተመደበውን ያህል አይንቀሳቀሱም። ከወንዶቹ ይልቅ ሴቶቹ ያንሳሉ። እኛም በየቤታችን እንደምናየው፣ ወንድሟ ኳስ ይዞ ሲወጣ እኅቱ ዕቃ ለማጠብ የምትቀር ከሆነ፣ የልዩነቱን ምክንያት ሩቅ ሄደን መፈለግ አያስፈልገንም።

የእንቅስቃሴ ጥቅም ውፍረትን በመከላከል ብቻ አይወሰንም። አጥንት የሚጠነክረው ሲዘለልበትና ሲሮጥበት ነው፤ ሰው በዕድሜው ሙሉ የሚገለገልበትን የአጥንት ጥንካሬ አብዛኛውን የሚያከማቸውም በልጅነቱና በወጣትነቱ ነው። ከዚህም ጋር የፀሐይ ብርሃን በቆዳ ላይ ሲያርፍ ሰውነት ቪታሚን ዲ ያዘጋጃል። ይህ የጎደለበት ሕፃን ሪኬትስ ለሚባለው የአጥንት መልፈስፈስ ይጋለጣል። እናቶቻችን ሕፃኑን ጠዋት ጠዋት ደጅ አውጥተው ፀሐይ ማሞቃቸው ትክክለኛ ልማድ ነበር። አፓርትማ ውስጥ በመስኮት አጠገብ ማስቀመጥ ግን ይህን ሊተካ አይችልም፤ ለቪታሚኑ የሚያስፈልገውን የብርሃን ክፍል የመስኮት መስታወት ያስቀረዋልና።

የዐይን ጉዳይም አለ። በቤት ውስጥ የምናገኘው ብርሃን በአብዛኛው ከጥቂት መቶ ሉክስ አይበልጥም፤ በጠራራ ፀሐይ ግን እስከ 100,000 ሉክስ ይደርሳል። ልጆች ውጭ በሚውሉ መጠን ቅርቡን እንጂ ሩቁን አጥርቶ ያለማየት ችግር የሚጀምራቸው እምብዛም መሆኑ ተደጋግሞ ተመርምሯል። በታይዋን እ.ኤ.አ. ከ2010 ጀምሮ የአንደኛ ደረጃ ተማሪዎች በቀን 120 ደቂቃ ደጅ እንዲቆዩ የሚያበረታታ ፕሮግራም ሥራ ላይ ከዋለ በኋላ፣ ለብዙ ዓመታት እየጨመረ የመጣው የተማሪዎች የዐይን መድከም ወደ መቀነስ አዘንብሏል። 

ጨዋታው ወዴት ሄደ?

የእኔ ትውልድ በሰፈር ውስጥ ሲያድግ ለጨዋታ ገንዘብ አይጠየቅም ነበር። ለሰኞ ማክሰኞ ጠመኔና አንድ ጠፍጣፋ ድንጋይ፣ ለሱዚ አንድ ላስቲክ፣ ለፔፕሲ ደግሞ በአሮጌ ካልሲ የተሠራ ኳስ ይበቃ ነበር። ድብብቆሽና አባሮሽ ከእግር በቀር ምንም አይሹም። የገና ጨዋታም ከዱላና ከሩር ሌላ የሚፈልገው ሜዳ ብቻ ነው፤ በዚያ ቀን ትልቅና ትንሽ ማዕርጉን ረስቶ በአንድ ሜዳ መሮጡ የቆየ ልማዳችን ነው። ከእነዚህ ጨዋታዎች መካከል የጠፋ ዕቃ የለም። የጠፋው መሬቱ ነው።

እዚህ ላይ በምኖርበት የጋራ መኖሪያ ግቢ የሆነውን ልጥቀስ። በስድስቱ ሕንፃዎች መካከል ያለው ባዶ ቦታ በፕላኑ ላይ የልጆች መጫወቻ ተብሎ የተመለከተ ነበር። ነዋሪው መኪና እየገዛ ሲሄድ በስብሰባ ተወስኖ ድንጋይ ተነጠፈበት፤ ነጭ መሥመር ተሠመረበት፤ ቀጥሎም «ኳስ መጫወት ክልክል ነው» የሚል ማስታወቂያ በዘበኛው ቤት ግድግዳ ላይ ተለጠፈ። ልጆቹ በመጀመሪያ ወደ ደረጃው ገቡ። ጩኸት በዛ ተብሎ ከዚያም ሲባረሩ ከበር ውጭ ወደ አስፋልቱ ወጡ። በአንድ ምሽት የሰባት ዓመት ልጅ ኳሱን ተከትሎ ሲሮጥ ሚኒባስ ገጨው። እግሩ ተሰብሮ፣ ሁለት ወር በጀሶ ታስሮ ዳነ። ሾፌሩ ከተፈቀደለት ፍጥነት አላለፈም፤ ልጁም የልጅ ሥራ ነው የሠራው።

ነገሩን በሙያችን ቋንቋ እንየው። ሾፌሩ አደጋውን አይቶ ፍሬን እስኪረግጥ አንድ ሰከንድ ይፈጅበታል ብንል፣ በሰዓት 50 ኪሎ ሜትር የሚሄድ መኪና በደረቅ አስፋልት ላይ እስኪቆም 28 ሜትር ገደማ ይጓዛል። በ30 ኪሎ ሜትር የሚሄደው ግን 13 ሜትር ገደማ ይበቃዋል። ስለሆነም ልጅ በ15 ሜትር ርቀት ላይ ድንገት ቢገባ፣ ሁለተኛው ከልጁ ሳይደርስ ሲቆም፣ የመጀመሪያው ከሞላ ጎደል በሙሉ ፍጥነቱ ይደርስበታል። የመኖሪያ ሰፈር መንገድን ፍጥነት በሰዓት 30 ኪሎ ሜትር መገደብ፣ ይህንንም በጉብታና በመንገዱ ጥበት ማስገደድ የሚያስፈልገው ስለዚህ ነው።

የሃያ መኪና ስሌት

አንድ መኪና ለመቆሚያ 12.5 ካሬ ሜትር ይፈልጋል፤ መግቢያና መዞሪያው ሲታሰብለት ወደ 25 ካሬ ሜትር ይደርሳል። ስለዚህ ሃያ መኪና የሚቆምበት ቦታ 500 ካሬ ሜትር ነው፤ ይህም 20 በ25 ሜትር የሆነ ጥሩ የመጫወቻ ሜዳ ማለት ነው። ከአደጋው በኋላ ከአንድ ጎረቤቴ ጋር ሆነን ለሁለት ሳምንት በሥራ ቀን ከቀኑ 10 እስከ 12 ሰዓት ቆጠርን። ከሃያው ቦታ አብዛኛውን ጊዜ ዐሥራ ሦስቱ ባዶ ነበር። ልጆች ከትምህርት ቤት የሚመለሱበት ሰዓት መኪኖቹ ገና ያልተመለሱበት ሰዓት ነው።

ይህን ለስብሰባ ባቀረብን ጊዜ አንድ አዛውንት ጎረቤታችን፣ «ልጄ፣ መኪናዋን በብድር ነው የገዛኋት፤ የት ላቁማት?» ሲሉ ጠየቁን። ጥያቄው ተገቢ ነበር። «ጋሼ፣ ማታ ሲገቡ ቦታዎ ይጠብቅዎታል፤ እኛ የምንለምነው የቀኑን ነው» አልናቸው። ከብዙ ክርክር በኋላ ግማሹ ቦታ በሥራ ቀን እስከ 12 ሰዓት፣ እሑድ ደግሞ እስከ እኩለ ቀን በገመድ ተከልሎ ለልጆች እንዲለቀቅ ተወሰነ። ማስታወቂያውን ያነሡት እኒያው አዛውንት ናቸው።

ከሌሎች የምንማረው

የአምስተርዳም ከተማ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የመሬት ጥበትም የገንዘብ እጥረትም ነበረባት። አልዶ ቫን አይክ የተባለ ወጣት አርክቴክት እ.ኤ.አ. ከ1947 እስከ 1978 ባለው ጊዜ ውስጥ ከ700 በላይ የልጆች መጫወቻዎችን ነድፎላታል። መሬቱ በአብዛኛው በሕንፃዎች መካከል የተረፈ ቁራጭ ቦታ ነበር። ዕቃውም የአሸዋ ገንዳ፣ የብረት ቅስትና መረማመጃ ጉቶ ብቻ ነበር። ይህ ከእኛ አቅም በላይ አይደለም።

በአገራችንም መልካም ጅምሮች አሉ። በ1994 ዓ.ም. የተጀመረው ታላቁ ሩጫ አባትና ልጅን በአንድ መንገድ ላይ አሩጧል። በ2011 ዓ.ም. የተጀመረው «መንገድ ለሰው» ጎዳናው ለጥቂት ሰዓታት ከመኪና ሲለቀቅ ከተማው ምን እንደሚመስል አሳይቶናል። እ.ኤ.አ. በ1960 አበበ ቢቂላ በሮም ጎዳና በባዶ እግሩ ሮጦ ያሸነፈባት አገር፣ ልጆችዋን መሮጫ መንፈግ አይገባትም። ኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. በ1991 የተቀበለችው የሕፃናት መብቶች ስምምነትም በአንቀጽ 31 ጨዋታ የሕፃን መብት መሆኑን ይደነግጋል።

ምን እናድርግ?

በመጀመሪያ በቤታችን እንጀምር። ልጅና ወረቀት የያዘውን አይለቅም እንደሚባለው፣ ልጁ የሚይዘው አባቱ የሚያደርገውን እንጂ የሚናገረውን አይደለም። ስለዚህ ወላጅ ከወንበር ላይ ሆኖ የሚጠብቅ ሳይሆን አብሮ የሚሮጥ ይሁን። ከሥራ መልስ ሃያ ደቂቃ ገመድ መዝለል፣ እሑድ ጠዋት ቤተሰብ ሁሉ በእግር ወደ ቅርቡ ኮረብታ መውጣት፣ ወጪ የማይጠይቅ ነው። የቤት ሥራውን ወንድና ሴት ልጆቻችን እኩል ከተካፈሉት ልጅቷም የምትጫወትበት ጊዜ ታገኛለች። «ብርድ ይመታችኋል» እያልን በር መዝጋታችንም እንደገና ሊታሰብበት ይገባል፤ ጉንፋን የሚያመጣው ቫይረስ ነው፤ እርሱም ከሜዳ ይልቅ ሰው በታጨቀበት ዝግ ክፍል ውስጥ በቀላሉ ይዛመታል።

በሁለተኛ ደረጃ በሙያችን የሚፈለግብን አለ። ማናችንም የምንፈርምበት የመኖሪያ ግቢ ፕላን፣ የልጆችን መጫወቻ በስሙና በስፋቱ ለይቶ የሚያመለክት ይሁን። ቦታው ከኩሽናና ከሳሎን መስኮት የሚታይ፣ ከመኪና መግቢያ የራቀ፣ የክረምት ውኃ የማይተኛበት ይሁን። ከመወጣጫ ሥር ድንጋይ ወይም ሲሚንቶ ሳይሆን 30 ሳንቲ ሜትር ጥልቀት ያለው አሸዋ ይደረግ። የልጅ ራስ እንዳይቀረቀር በብረቶች መካከል ከ9 እስከ 23 ሳንቲ ሜትር የሚሆን ክፍተት አይተው። የብረት ሸርተቴ በጥላ ሥር ይቁም፤ በቀትር ፀሐይ ቆዳ ያቃጥላልና።

በሦስተኛ ደረጃ፣ እያንዳንዱ አባል በሚኖርበት ግቢ አንድ ቁራጭ መሬት ለልጆች እንዲመለስ በዓመት ውስጥ ጥቂት ቀን ከሙያው እንዲለግስ ሐሳብ አቀርባለሁ። ሜትርና እርሳስ ይዞ መቁጠር፣ ከጎረቤት ጋር ተቀምጦ መነጋገር እንጂ ሌላ ትልቅ በጀት አይፈልግም። ሐኪሞች የተሰበረውን እግር ይጠግናሉ፤ የእኛ ተራ ግን ከመሰበሩ በፊት ነው። ሳይቃጠል በቅጠል ያሉት አባቶቻችን ይህንኑ ነበር።

በሚቀጥለው ዓመት ስንሰበሰብ፣ በየግቢያችን ስንት ካሬ ሜትር እንደተመለሰ እየቆጠርን እንድንነጋገር ምኞቴ ነው።